ያልመለስኩት ዳጉ

ዛሬ ጠዋት ለማላውቀው ሰው ያለኝን ወሬ ሁሉ አራገፍኩለት።

አዋሽ ሰባት መናኸሪያው ፊት ለፊት ካለው ሻይ ቤት ጥላ ሥር አንድ ሰው ጀርባውን ሰጥቶኝ ተቀምጧል። ሽርጥ አገልድሟል፤ ዱላውን ጉልበቱ ላይ አጋድሟል፤ ትከሻው ወደ ግራ ዘመም ብሏል። መነጽሬን ቤት ረስቼ ነበር የወጣሁት፤ ያን ትከሻ ለማወቅ ደግሞ መነጽር አያስፈልገኝም። አጠገቡ ዘጭ አልኩና ፊቱን እንኳ ሳላይ ጀመርኩለት። ጉልበቴ ሌሊት ብቻ መጠዝጠዙን ትቶ ቀንም መጀመሩን፣ የወለቀችውን የፊት ጥርሴን፣ የጎረቤቴ ፍየል የሰው ማመልከቻ መብላቷን፣ ዝናቡ በአዋሽ አርባ በኩል አልፎ እኛን መዝለሉን፣ ነፋስ ከጣሪያዬ የነቀለውን ቆርቆሮ፣ ማን እንዳገባ፣ ማን እንደ ፈታ። ሰውዬው አያቋርጠኝም። አልፎ አልፎ "እህ" ይላል። ሻዬ ቀዝቅዞ ዝንብ እስኪገባበት አወራሁ። ስጨርስ ቀስ ብሎ ዞረ።

"አባባ፣ እኔ ሹፌር ነኝ፤ ጎማ ፈንድቶብኝ ነው እዚህ የተቀመጥኩት" አለኝ። ትንሽ አሰበና "ጥርሱን ግን አስተከሉት?"

ዱላ ያልኩት የጎማ መፍቻ ብረት ነበር።

ሻይ ቤቱ በሙሉ ሳቀብኝ፤ እኔም አብሬ ሳቅሁ። ሰው እያጀበ ሲስቅብኝ ብቻዬን መኮሳተር አልወድም። ወደ ቤቴ ሳዘግም ግን መሳቄን ተውኩ። ያ ትከሻው ዘመም ያለ ወዳጄ ከሞተ ቆይቷል። መርዶውን ጆሮዬ ሰምቷል፤ ዐይኔ ግን ገና አልሰማም መሰለኝ።

እኔ ማመልከቻ ጸሐፊ ነኝ። ድሮ እዚሁ አዋሽ ባቡር ጣቢያ ትኬት ቆራጭ ነበርኩ። የመንገደኛው ባቡር ሲቀር እኔም ቀረሁ፤ ባቡሩ ሐዲድ ላይ ዛገ፣ እኔ ፍርድ ቤቱ አጥር አጠገብ ኒም ዛፍ ሥር ጠረጴዛ ዘረጋሁ። ትምህርቴ ስምንተኛ ክፍል ነው፤ እሱንም ያለፍኩት መምህሩ ፊቴን ማየት ስለሰለቸው ይመስለኛል። ጡረታ የወጣሁት "ተፈላጊ ችሎታ" የሚሉት ነገር በየሥራ መደቡ ላይ ሳይለጠፍ በፊት ነው። በዛሬው መለኪያ ብመዘን ትኬት መቁረጥ ይቅርና የባቡሩን ጡሩምባ ለመስማትም አልበቃም።

በዚህ ሥራ አንዲት ጥበብ አለችኝ፤ "ዋናውን ንገረኝ" ማለት። ሰው ስለ አጥር ክርክር ሊያጽፍ መጥቶ ከአያቱ ሠርግ ይጀምራል። ዳኛ ይህን ሁሉ አያነብም። ስለዚህ እጄን አነሣና "ዋናውን ንገረኝ" እላለሁ። ደንበኞቼ በዚህ ያሙኛል፤ ኋላ ኋላ ሰፈርተኛው ሁሉ "ዋናው" የሚል ስም አወጣልኝ። እኔም ኩራት ተሰምቶኝ ነበር።

ወዳጄ አፋር ነው። በወረዳው የእንስሳት ክትባት ሰጪ ነበር። በሥራው እንደ እሱ ያለ የለም ብዬ ባሞግሰው ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን ውሸት ይሆንብኛል። ያረፍዳል። የክትባቱን የበረዶ ሣጥን ተሸክሞ ወደ አንድ መንደር ሲወጣ መንገድ ላይ ካገኘው ሰው ሁሉ ጋር ዳጉ ይቀመጣል፤ የሚደርሰው በረዶው ሊቀልጥ ሲቃረብ ነው።

ዳጉ ለማያውቅ ሰው እንዲህ ነው። ሁለት አፋሮች መንገድ ላይ ከተገናኙ ዝም ብሎ ማለፍ የለም። እጅ ለእጅ ተያይዘው ሰላም ይባባላሉ፣ ጥላ ፈልገው ይቀመጣሉ፣ ከዚያ አንዱ ያየውን የሰማውን ሁሉ ይናገራል፤ የት እንደዘነበ፣ ሣሩ የት እንደበቀለ፣ ማን እንደታመመ፣ ማን እንደሞተ፣ እሱ ራሱ ከየት መጥቶ ለምን ወዴት እንደሚሄድ። አይቀንስም፣ አይጨምርም። ሲጨርስ ሌላው ይመልሳል። የተቀበለውን ደግሞ ለሚቀጥለው ሰው እንደተቀበለው ያደርሳል። ዳጉ ላይ የዋሸ ሰው ሁለተኛ የሚቀመጥለት አያገኝም።

ወዳጄ ከሰዓት በኋላ ከሥራ ሲወጣ ኒሙ ሥር ይመጣና ደንበኛ የሚቀመጥባት የለስላሳ ሣጥን ላይ ይቀመጣል። ዳጉውን ሊሰጠኝ ይጀምራል። እኔ እጄን አነሣለሁ።

"ዋናውን ንገረኝ።"

"አንተ የባቡር ሰው" ይለኛል እየሳቀ። "ባቡር ጣቢያ ጣቢያ ላይ ብቻ ነው የሚቆም። በመካከል ያለውን አገር አያውቅም።"

ከዚያ ድልድሉ መጣ። የወረዳው ሠራተኛ ሁሉ በአዲስ መደብ እንደገና ይመደባል ተባለ፤ የእያንዳንዱ መደብ ተፈላጊ ችሎታ ሰሌዳ ላይ ተለጠፈ። ለክትባት ሰጪ ደረጃ አራት ዲፕሎማና የብቃት ማረጋገጫ ይላል። ወዳጄ ያለው በልጅነቱ የወሰደው አጭር ሥልጠና ነው። ጡረታው ደግሞ እጅ ሲዘረጉ የሚነካ ርቀት ላይ ደርሷል። "መመዘኛውን ስለማያሟላ በጥበቃ ሠራተኛነት ተመድቧል" የሚል ውሳኔ ሰጡት።

ኒሙ ሥር መጥቶ ተቀመጠ። ያን ቀን ዳጉ አልጀመረም።

"ከከብት ኋላ ነው የኖርኩ" አለኝ። "ከበር ኋላ ምን አለ?"

እኔ ስምንተኛ ክፍል ሆኜ በትምህርት ማነስ ለተነሣ ሰው ጠበቃ ሆንኩ። ዕውር ዕውርን ቢመራ ይባላል፤ እኛ እንኳ መሪ የለንም ነበር፣ ጎን ለጎን ነው የሄድነው። ለመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ጻፍኩ፤ ተቀባይነት የለውም አሉ። ለአስተዳደር ፍርድ ቤት ጻፍኩ፤ እሱም እንደዚያው። የቀረን በይግባኝ ሰመራ ላይ መደበኛው ፍርድ ቤት መቅረብ ነበር።

መመሪያውን ከአንድ ሠራተኛ ተውሼ አጉሊ መነጽር ይዤ አነበብኩት። መመዘኛው ልክ ነው አይደለም ብሎ መከራከር እንደማያዋጣ ገባኝ፤ ማን ምን ተምሮ ምን ይሥራ የሚለውን የሚወስነው መሥሪያ ቤቱ ነው። አንዲት ቀጭን በር ግን አገኘሁ። ነባር ሠራተኛ መመዘኛውን ባለማሟላቱ ከመደቡ ከመነሣቱ በፊት የመማር ዕድል ሊሰጠው ይገባል ይላል። በደስታ ብዛት መነጽሬን ሻይ ውስጥ ጣልኩት።

"ዲፕሎማ አለህ?" አልኩት።

"የለኝም።"

"ተምረህ የጨረስከው ነገር አለ?"

"አልጨረስኩም። ያን ጊዜ ዱብቲ..."

"ዋናውን ንገረኝ። ጨርሰሃል፣ አልጨረስክም?"

"አልጨረስኩም" አለ።

እኔም "የመማር ዕድል ሳይመቻችለት ከመደቡ የተነሣ በመሆኑ" ብዬ ጻፍኩ። በሕይወቴ እንደዚያ ያማረ ዐረፍተ ነገር ጽፌ አላውቅም። መሥሪያ ቤቱ በሰጠው መልስ ስለ መመዘኛው ብዙ ሲያትት ስለ መማር ዕድሉ አንዲት ቃል አልተነፈሰም። ማስረጃ የላቸውም ማለት ነው። አሸነፍን ብዬ ለወዳጄ ለስላሳ ጋበዝኩት።

ቀጠሮው ሲደርስ በጠዋት አውቶቡስ ተሳፈርን። ገዋኔን፣ ሚሌን አልፈን ሎጊያ ስንደርስ ፀሐይዋ ልትጠልቅ ነበር። በቆምንበት ሁሉ ወዳጄ ወርዶ ዳጉ ይቀመጣል፤ ሹፌሩ ጡሩምባ ይነፋል፤ እኔ በመስኮት አንገቴን አውጥቼ "ዋናውን ንገረውና ና" እላለሁ። ሎጊያ ግቢ ውስጥ በተዘረጋ አልጋ ላይ አደርን። የወሎዋ ባለ ሆቴል "እናንተ ሽማግሎች፣ ለሐኪም ነው የመጣችሁት?" ስትለን "ለትምህርት" አልኳት። ወዳጄ ትን እስኪለው ድረስ ሳቀ። ከዚያ ወዲህ እንደዚያ ሲስቅ አላየሁትም።

ሰመራ ፍርድ ቤቱ ግቢ ስንደርስ ችሎቱ ገና አልተሰየመም። ከግንቡ ጥላ ሥር ቆመን ሳለ አንድ ወጣት አፋር መጣ፤ ሸሚዙ ነጭ፣ ብብቱ ሥር ፋይል። ወዳጄን ሲያይ እጁን ዘረጋ፣ ወዳጄም ዘረጋ፣ እንደ ወጋቸው እጅ ተሳሳሙና ቁጢጥ አሉ። እኔ ውኃ ልገዛ ሄድኩ። ስመለስ ወዳጄ ዳጉውን እየሰጠው ነው። አፋርኛዬ የገበያ አፋርኛ ነው፤ ዋጋ ለመከራከር እንጂ ለሌላ አይሆንም፤ ያም ቢሆን ይገባኛል። የአዋሽን ዝናብ ነገረው። የከብቱን ነገረው። ዛሬ የመጣው ለፍርድ መሆኑን፣ ከማን ጋር እንደሚከራከር ነገረው።

ወጣቱ እጁን አነሣ።

"አጎቴ፣ ይቅር፣ አይንገሩኝ። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ እኔ ነኝ።"

ወዳጄ አየውና "ታዲያ ሰው አይደለህም?" አለው።

ቀጠለም። ድልድሉ ከመምጣቱ በፊት መሥሪያ ቤቱ በስልክ ጠርቶት እዚሁ ሰመራ ኮሌጅ እንዲማር ልኮት እንደነበር፣ መማር ጀምሮ ሳለ ሚስቱ ታማ ዱብቲ ሆስፒታል መግባቷን፣ ከክፍል ተነሥቶ ወደ እሷ መሄዱን፣ እዚያው አጠገቧ መክረሙን፣ ወደ ትምህርቱ አለመመለሱን። እኔ ሳልኩ። ውኃውን ሰጠሁት፤ ተቀብሎ ጠጣና ቀጠለ። እግሩን ረገጥኩት፤ እግሩን ሰብሰብ አድርጎ ቀጠለ። ሚስቱ እንደሞተች አውቃለሁ፤ ትምህርት ጀምሮ እንደነበር ግን አልሰማሁም። ነገረ ፈጁ ዐይኑን መሬት ላይ ተክሏል። ወዳጄ ሲጨርስ ተራው የእሱ ነውና መለሰ፤ እናቱ ደህና መሆኗን፣ አንዲት ግመል መጥፋቷን፣ መዝገቡን ትናንት ማታ እንዳነበበና ስለ ኮሌጁ ምንም እንዳላገኘበት ነገረው። ድምፁ ዝቅ ብሎ ነበር። ከዚያ ተነሥቶ ገባ።

ወዳጄን በክንዱ ያዝኩት።

"ምን አደረግህ አንተ ሰው?"

"ዳጉ ሰጠሁ።"

"ለተከራካሪህ?"

"ሲመጣ ፊቱ ላይ አልተጻፈም" አለኝ። "ቢጻፍም አላነበውም ነበር።"

"እሺ፣ ይህን ለምን ለእኔ አልነገርከኝም?"

አሁንም በጆሮዬ አለ፤ በቁጣ አልነበረም የተናገረው።

"ልነግርህ ጀምሬ ነበር። ዋናውን ንገረኝ አልከኝ። ዋናው የቱ እንደሆነ እኔ በምን ልወቅ?"

ችሎቱ ተሰየመ። ከላይ ቬንትሌተር ይዞራል፤ ንፋሱ ዳኞቹ ጋ ቀርቶ እኛ ጋ አይደርስም። የመሐል ዳኛዋ ደርባባ ሴት ናቸው፤ ሲናገሩ አይቸኩሉም።

"ከብት ለመከተብ ይህን ያህል ትምህርት ያስፈልጋል ወይ የሚለውን እኛ አንመዝንም" አሉ። "ያ የመሥሪያ ቤቱ ሥልጣን ነው። እኛ የምናየው መመሪያው ተከብሯል አልተከበረም የሚለውን ነው።" ወደ ነገረ ፈጁ ዞሩ። "ይግባኝ ባዩ የመማር ዕድል ተሰጥቷቸዋል?"

ነገረ ፈጁ ቆመ። ፋይሉን ከፈተ፣ ዘጋው።

"በመዝገባችን ማስረጃ የለም፣ ክብርት ዳኛ።"

እንደ ልጅ ወዳጄን በክርኔ ጎሰምኩት። ነገረ ፈጁ ግን አልተቀመጠም። ወዳጄን አየው። ወዳጄም አየው፤ ፊቱ ላይ ልመናም ማስፈራሪያም አልነበረበትም፤ የሚያውቁትን ሰው መንገድ ላይ እንደሚያዩት ነው ያየው።

"ነገር ግን" አለ ነገረ ፈጁ፣ "ዛሬ ጠዋት ከራሳቸው አፍ ሰምቻለሁ።"

ተናገረም። ወዳጄ ያለውን እንዳለው፣ ሳይቀንስ ሳይጨምር። የሚስቱን መታመምም አልተወም።

"እውነት ነው?" አሉ ዳኛዋ።

"እውነት ነው" አለ ወዳጄ።

"ለማቋረጥ ፈቃድ ጠይቀዋል?"

"ማንን?"

"ኮሌጁን፣ ወይም መሥሪያ ቤትዎን።"

"እሷ ብቻዋን ነበረች" አለ።

ዳኛዋ በሩን ሊከፍቱለት ፈልገው ይሁን ለወጉ፣ እኔ አላውቅም፤ እንደገና ጠየቁት። "የባለቤትዎን ሕመም የሚያሳይ ማስረጃ አለዎት? የሐኪም ወረቀት፣ ማንኛውም ነገር?"

ወዳጄ አሰበ። በእውነት አሰበ፤ ኪሱን ሁሉ ዳሰሰ።

"መቃብሯ ዱብቲ ነው" አለ።

ዳኛዋ ብዕራቸውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። እኔ ተነሥቼ አንድ ነገር ልል አፌን ከፈትኩ፤ በዕድሜዬ ሁሉ ሰው ሳቋርጥ የኖርኩ፣ ማቋረጥ በሚያስፈልግበት ቀን ምላሴ ታሰረ። ደግሞስ ምን እላለሁ? እኔ ዋና እንጂ ሌላ አላውቅም።

ከሰዓት በኋላ ውሳኔው ተነበበ። የመማር ዕድል መሰጠቱን ይግባኝ ባዩ ራሱ አምኗል፤ ያለ ፈቃድ አቋርጧል፤ ስለዚህ የሕግ ስሕተት አልተገኘም፤ ውሳኔው ጸንቷል። መጨረሻው ላይ እንደ ልማዱ "ግራ ቀኙ ወጪና ኪሳራቸውን ይቻቻሉ" ይላል። ይህን ሐረግ ስንት ጊዜ ለሰው ሳነብ በአንድ ትንፋሽ ነበር የማልፈው። ያን ቀን ግን ቆሜ ቀረሁ። ወዳጄ ኪሳራውን ከማን ጋር ነው የሚቻቻለው?

ስንወጣ ነገረ ፈጁ ደጅ ቆሞ ጠበቀን። እጁን ዘረጋ። እኔ ጺሜን የማክ መስዬ እጄን ደበቅሁ፤ ጺም ግን የለኝም። ወዳጄ እጁን ሰጠው፣ ተሳሳሙ።

"አጎቴ፣ ተቀይመውኛል?" አለው ልጁ።

"ወላሂ አልተቀየምኩም። የሰጠሁህን ነው የሰጠሃቸው። ብትደብቀው ኖሮ ሁለተኛ ካንተ ጋር አልቀመጥም።"

አብሬው እየሄድኩ ብዙ ነገር ተናገርኩ። ሞኝ አልኩት። ነገረ ፈጁን ሆዳም አልኩት። ሕጉን፣ መመሪያውን፣ ዲፕሎማ የፈጠረውን ሰው ሁሉ ረገምኩ። ስጨርስ "አሁን ዋናው ምንድን ነው?" ብሎ ጠየቀኝ። ሲቀልድብኝ ይሁን የምሩን እስካሁን አላወቅሁም።

ወደ አዋሽ ከመመለሳችን በፊት ዱብቲ እንሂድ አለኝ። ሚኒባስ ያዝን። መቃብሩ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጬ ጠበቅሁት። እሱ ከመቃብሯ አጠገብ ቁጢጥ አለ፣ እጁን ዘርግቶ ዱዓ አደረገ፣ ከዚያ መንገድ ላይ ካገኛት ሰው ጋር እንደሚቀመጥ ተመቻችቶ ዳጉውን ጀመረላት። ስለ አውቶቡሱ፣ ስለ ሎጊያዋ ባለ ሆቴል፣ ስለ ዳኛዋ ብዕር፣ ስለ ነገረ ፈጁ እናትና ስለ ጠፋችው ግመል ነገራት። ስለ እኔም ነገራት፤ ምን እንዳለ አልሰማሁም፣ ብቻ መካከሉ ላይ ዞር ብሎ አየኝና ፈገግ አለ። ሲጨርስ ጥቂት ዝም ብሎ ቆየ። ተራው የእሷ ነበርና።

አዋሽ ተመልሶ በጥበቃነት ገባ። የሰጡት የዘበኛ ወንበር መቀመጫው የተቀደደ ነበር። ከመሥሪያ ቤቱ በር ላይ የሚገባውን ሁሉ አስቀምጦ ዳጉ ይጠይቃል፤ ባለ ጉዳዩ በር ላይ ተሰልፎ ይውላል። ከገጠር የመጣ ሰው ጉዳዩን ረስቶ ዳጉውን ተቀብሎ የተመለሰበት ቀን አለ። ኃላፊው "ሽማግሌው፣ መታወቂያ ብቻ ይጠይቁ" ቢሉት "መታወቂያው ስሙን ነው የሚነግረኝ" አላቸው። እኔ ይህን ለሰው ስነግር እንስቅበታለን። እሱ ግን ከወር ወር ትከሻው ይበልጥ ወደ ግራ ይዘም ነበር። የበረዶ ሣጥኑን የሚሸከምበት ትከሻ ነው፤ ሸክሙ ሲነሣለት ቀና ይላል ብዬ አስብ ነበር።

ከሰዓት በኋላ ኒሙ ሥር መምጣቱን አልተወም። ዳጉ መጀመሩን ግን ተወ። እኔ ብጠይቀው "ዋናው ደህና ነኝ" ይለኛል። ከእኔ የተማረው እሱን ነው።

በመጨረሻ ሥራውን ለቀቀና አፋምቦ ወዳለችው ልጁ ሊሄድ ተነሣ። መናኸሪያ ሸኘሁት። አውቶቡሱ እስኪሞላ እዚያችው ሻይ ቤት ጥላ ሥር ተቀመጥን፣ ዛሬ ሹፌሩ የተቀመጠበት። እዚያ ግን ከረጅም ጊዜ በኋላ ሙሉ ዳጉ ሰጠኝ። ስለ ልጁ ቤት፣ ስለ ሐይቁ ዳር ሣር፣ ፍየል ሊገዛ እንዳሰበ፣ ግራ እጁ እንደሚደነዝዘው፣ ወንበሩን ለተተኪው ዘበኛ ሰፍቶ እንደተወለት፣ ነገረ ፈጁ ደውሎለት እንደነበር። አላቋረጥኩትም። ሞተሩ ተነሣ፣ ሰው ተሳፈረ፣ እሱ አልቸኮለም። ሲጨርስ ዱላውን ጉልበቱ ላይ አጋደመና፣

"ያንተስ?" አለኝ።

ሹፌሩ ጡሩምባ ነፋ። እኔ የባቡር ሰው፣ የመነሻ ሰዓት ሲደርስ የሚያንቀጠቅጠኝ፣ ብድግ አልኩ። "ተነሥ፣ ጥሎህ ይሄዳል። ዋናው ደህና ነኝ" አልኩት።

ሳቀ። "ዋናውንማ ሁልጊዜ ትሰጠኛለህ" አለ። "የቀረውን ስመጣ። ዕዳ አለብህ።"

ወጣ፣ በመስኮት እጁን አወጣ፣ አውቶቡሱ ወደ አዋሽ አርባ መንገድ ታጠፈ።

መርዶውን ያመጣልኝ ያው ነገረ ፈጅ ነው። ለሥራ በአዋሽ ሲያልፍ ኒሙን ጠይቆ መጣ። የደንበኛው ሣጥን ላይ ተቀመጠና "አባባ፣ ዳጉ ልስጥዎ" አለኝ። ከሰመራ ዝናብ ጀመረ። የሎጊያን መንገድ፣ የእናቱን ዐይን ሕመም፣ የግመሏን መገኘት ነገረኝ። ስለ አፋምቦ ሲጀምር ድምፁ እንደዚያ ቀን ዝቅ አለ፤ ገባኝ። እጄ በገዛ ፈቃዷ ከጠረጴዛው ተነሣች። መልሼ አስቀመጥኳት። በተራው እስኪደርስ ጠበቅሁት። የሞተው ጠዋት ነው፣ ሶላት ሰግዶ፣ ፍየሎቹን አውጥቶ፣ ጥላ ሥር ተቀምጦ መንገድ ሲያይ። የቀበሩት በዕለቱ ነው። ከዚያ ነገረ ፈጁ አልፎ የቀረውንም ነገረኝ፣ የሣሩን፣ የከብቱን፣ እስከ መጨረሻው። ሲጨርስ እጁን ያዝኩት፤ ያን ቀን የደበቅሁትን እጅ ሰጠሁት።

እንግዲህ ዛሬ ጠዋት ለሹፌሩ ያራገፍኩት ወሬ የማን እንደነበር ታውቃላችሁ። ሹፌሩ ጎማውን ቀይሮ ሲነሣ በመስኮት ጠራኝ። "አባባ፣ ለማን ነበር ይህ ሁሉ?" አለኝ። "አፋምቦ ላለ ሰው" አልኩት። "መንገዴ ባይሆንም ወደዚያ የሚሄድ ሰው አላጣም፤ አደርስልዎታለሁ" አለና ሄደ። የሚያደርስ ፊት ነበረው። ጉልበቴን፣ ጥርሴን፣ ፍየሏን፣ ቆርቆሮውን ከሰው ወደ ሰው እየተቀባበሉ ወስደው መቃብሩ ዳር ቢያራግፉለት አይገርመኝም፤ በዚህ አገር ወሬ መንገድ አይጠፋውም።

ነገር ግን ቤቴ ገብቼ መነጽሬን ሳገኝ ትዝ አለኝ። ዋናውን አልነገርኩትም። አሁን ደንበኛ ከአያቱ ሠርግ ሲጀምር ከአያቱ ሠርግ እንደምሰማ፣ ዳኞች ማመልከቻህ ረዘመ እያሉ እንደሚመልሱብኝ፣ ከሰዓት በኋላ ሣጥኗ ላይ ሰው ሲቀመጥ ቅር እንደሚለኝ፣ ሳይቀመጥም እንደሚብስብኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ዋናውን ብቻ ስጠይቅ ኖሬ፣ መክፈል ስጀምር ሌላውን ሁሉ ከፍዬ ዋናውን አስቀረሁ። ጉልበቴ ከፈቀደልኝ አፋምቦ ሄጄ አጠገቡ ቁጢጥ ማለት አለብኝ። እስከዚያው ያቺ ዕዳ አለችብኝ።